ሠላሳ ከወዲህ፣ ሠላሳ ከወዲያ

መምህር ጥጋቡ ጠመኔውን ሰብሮ፣
ሁለት ክብ ሣለልን ለየብቻ አጥሮ።
«ይህ ናሙና አንድ ነው፣ ያ ሁለት ናሙና፣
አንዱ ከሌላኛው አይጠይቅም ዜና።
ጎረቤት አይደሉ፣ ዘመድ አይባሉ፣
በአንድ ማዕድ ቀርበው አንድ ላይ አይበሉ፣
ሰላምታ የላቸው፣ አይዋዋሱም ጨው፤
ነጻ ማለት ይህ ነው፣ ሌላ ፍቺ የለው።»

ማታ ተማሪ ነኝ፤ ቀን ንግድ ቢሮ ነኝ፣
ሚዛን ተሸክሜ ዳቦ ቤት የምገኝ።
ናሙና ፍለጋ ሩቅ መሄድ ምን አለኝ፣
ድሬዳዋ ራሷ ሁለት ክብ ሠራችልኝ፦
ወዲህ ከዚራ ነው፣ ጥላው የደረበ፣
ወዲያ መጋላ ነው፣ ሰው የተሰበሰበ፣
መሐሉ ደቻቱ፤ ውሃው ስሙ ብቻ፣
ለባጃጅ መንገድ ነው፣ ለኳስ መጫወቻ።

ከስምረት ዳቦ ቤት ሠላሳ መዘንኩኝ፣
ከወይዘሮ ኢፍቱ ሠላሳ ለቀምኩኝ።
የስምረት አማካይ ዘጠና አራት ወጣ፣
የኢፍቱ ዘጠና አንድ፤ ጠብ በዚህ መጣ።
ሦስት ግራም ብቻ፣ ከጉርሻ ያነሰች፣
ሁለት ሰፈር ሙሉ አፍ ያስከፈተች።

«ድሮም የማዶ ሰው እጁ ይሰበሰባል» አሉኝ ከወዲህ።
«ሚዛንሽን ፀሐይ መቶት ነው፣ ጥላ ሥር አስቀምጪው» አሉኝ ከወዲያ።
አንድ ሽማግሌ ደግሞ ዳቦውን በመዳፉ አንስቶ፣
ዓይኑን ጨፍኖ፣ «ያው ነው» ብሎ በላብኝ።
ሃያ ዘጠኝ ሆኑ፤ ሌላ ገዝቼ ሞላሁ።

አማካይ ብቻውን ምስክር አይሆንም፣
ስርጭት ሳይሰማ ፍርድ አይቆረጥም።
አንዱ ሰማንያ ሁለት፣ ሌላው መቶ ሦስት፣
አንድ ምድጃ አድረው፣ ወጥተው ከአንድ ቤት!
ከማዶና ማዶ ከሚገኘው ይልቅ፣
በአንዱ ቅርጫት ውስጥ ነው ልዩነቱ ሚጠልቅ።
«ልዩነት የለም» ነው የመነሻው ቃል፣
እንደ ተከሳሽ ሰው ንጹሕ ሆኖ ይቆማል፣
ማስረጃ እስኪመጣ ደጅ ላይ ይጠብቃል።

ግን ስድሳውን ዳቦ ጠረጴዛ ላይ ደርድሬ ገለበጥኩና
ካልኩሌተሩን አስቀመጥኩት።
በእያንዳንዱ ሆድ ላይ የአውራ ጣት ጉድጓድ ነበር፣
ጫፉ የተቆረጠ አውራ ጣት፣
ከወዲህም፣
ከወዲያም።

ሮብሌ ይባላል።
ከሌሊቱ ስምንት ሰዓት እስከ አሥር የስምረትን ያቦካል፣
ከዚያ ደቻቱን በእግሩ ይሻገራል፣
ሊጥ ክንዱ ላይ እየደረቀ፣
ውሾቹ እንኳ ለምደውት አይጮኹም፤
እስኪነጋ የኢፍቱን ይቆርጣል።
ስምረት አያውቅም። ኢፍቱ አታውቅም።
አምስት ልጅ ያውቃል።

«ያኛው ለምን ያንሳል?» አልኩት፣ አሸዋው መሐል አስቁሜ።
እጁን ከፍቶ አየው፣ የሌላ ሰው እጅ ይመስል።
«እዚያ ስደርስ ይደክመኛል፤ ስቆርጥ መዳፌ ቶሎ ይዘጋል።
ስንት ነው ያልሽኝ?»
«ሦስት ግራም።»
«ሦስት ብቻ?» አለ፣ ደስ ብሎት።
«እኔኮ ብዙ ይመስለኝ ነበር።»

የቢሮው ቅጽ ላይ ሁለት ዓምድ ነው ያለው፣
ለሚሻገር እግር ቦታ የተወ የለው።
ብጽፈው እንጀራው ከአንድ ወገን ሊቀር፣
ባልጽፈው ቁጥሬ ውሸት ሊናገር።
ሚዛኑን አቅፌ አድሬ ሳስበው፣
የሰው ድካም ኖሯል በግራም ያነበብኩት፣ የቆጠርኩት እንደ ሰው ሰበብ ነው።

ማታ ክፍል ውስጥ ስሜ ተጠራ።
«ውጤት?»
«አልሠራሁትም፣ መምህር። ናሙናዎቹ ነጻ አይደሉም።»
«በምን አወቅሽ? ወንዝ ለይቷቸው?»
ሰሌዳውን አየሁት፤ ሁለቱ ክቦች አሁንም እዚያ ናቸው፣
ባዶ ያልነው መሐላቸው የጠመኔ ብናኝ ለብሶ።
«ጨው ይዋዋሳሉ» አልኩና ተቀመጥኩ።

ክፍሉ ሳቀ።
ከአሥር አራት ሰጠኝ።
አልተከራከርኩም።